በር ላይ የምትለጠፍ ወረቀት

ጥንቅቅ ብሎ የተሠራ ነገር ሲባል አንጥረኛው ወይም አናጢው ይታወሰናል። እኔ ዛሬ ላደንቅ የተነሣሁት ግን ቅጽ ነው፤ አዎ፣ በመስመር የተከፋፈለ፣ ቁጥር የሚሞላበት፣ ከታች የሚፈረምበት ተራ የመንግሥት ቅጽ። አገሩ ጉያና ነው። ካርታ ላይ ሲታይ በደቡብ አሜሪካ ሰሜናዊ ጠርዝ ላይ ነው፤ ሕዝቡ ግን ራሱን የሚቆጥረው ከካሪቢያን ነው፤ የካሪቢያን አገሮች ማኅበር የካሪኮም ጽሕፈት ቤትም ያለው በዋና ከተማው በጆርጅታውን ነው። ቅጹ ደግሞ በእያንዳንዱ ምርጫ ጣቢያ ቆጠራው ሲያበቃ የሚሞላው የውጤት ቅጽ ነው። (ዓመተ ምሕረቱን ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር እጽፋለሁ።)

እንግሊዝ የገዛቻቸው የካሪቢያን አገሮች አብዛኞቹ የወረሱት አንድ ዓይነት ምርጫ ነው። አገሩ በምርጫ ክልል ይከፋፈላል፤ በየክልሉ ብዙ ድምፅ ያገኘው ይገባል፤ የሌላው ድምፅ እዚያው ይቀራል። ውጤቱ አንዳንዴ ጉድ ያሰኛል። ባርቤዶስ በ2018 እና በ2022 ሠላሳውንም ወንበር ለአንድ ፓርቲ ሰጠች። ትሪኒዳድና ቶቤጎ በ2001 18 ለ18 ሆና ተፋጠጠች። ጃማይካ በ2016 ድጋሚ ቆጠራው ሲያልቅ 32 ለ31 ላይ ቆመች። የጉያና መንገድ ሌላ ነው። 65ቱ ወንበሮች ፓርቲዎቹ ባገኙት ድምፅ ልክ ይከፋፈላሉ፤ 25ቱ በ10 ክልሎች በኩል፣ 40ዎቹ ከአገር አቀፍ ዝርዝር። ከሁሉ የበለጠ ድምፅ ያገኘው ዝርዝር ለፕሬዚዳንትነት ያቀረበው ሰውም ፕሬዚዳንት ይሆናል። ስለዚህ ጫካ ውስጥ ባለች አንዲት መንደር የተሰጠ ድምፅ ከዋና ከተማው ድምፅ ጋር እኩል ወደ አንድ ትልቅ ድምር ይገባል። ማጭበርበር ለሚፈልግ ሰውም እንዲሁ ነው፤ ድምሩን የትም ቦታ ቢያበላሸው ያዋጣዋል።

ይህን ደግሞ አገሩ በደንብ ያውቀዋል። ከ1968 እስከ 1985 የተካሄዱት ምርጫዎች የተጭበረበሩ መሆናቸው ብዙም አከራካሪ አይደለም። ያን ጊዜ ሳጥኖቹ ጣቢያው ላይ አይቆጠሩም ነበር፤ ተጭነው ወደ መቁጠሪያ ማዕከል ይሄዳሉ። እኛ ኮሮጆ ግልበጣ የምንለው ነገር የሚፈጸመው በዚያ መንገድ መሀል ነው። በ1973 ሳጥኖቹን ወታደር ወሰዳቸው፤ በምሥራቁ የኮረንታይን ጠረፍ ሳጥን አናስወስድም ካሉት ሰዎች ሁለቱ በጥይት ሞቱ። በ1990 የአሜሪካው የቀድሞ ፕሬዚዳንት ጂሚ ካርተር ጆርጅታውን ድረስ ሄደው ፕሬዚዳንት ዴዝመንድ ሆይትን ሲያነጋግሩ ከተቃዋሚዎቹ ጥያቄዎች ዋነኛው ድምፅ በተሰጠበት ቦታ ይቆጠር የሚለው ነበር። ሆይት እሺ አሉ። በ1992 በዚያ ሥርዓት በተደረገው ምርጫ ተሸንፈው ሥልጣን አስረከቡ፤ ቼዲ ጄጋን ፕሬዚዳንት ሆኑ። የውጤት ቅጹ ክብደት ያገኘው ከዚያ ወዲህ ነው።

አሁን ወደ ሙያው እንግባ። ጣቢያው ትምህርት ቤት ሊሆን ይችላል፤ በአንዳንድ ቦታ የግለሰብ ቤትም ጣቢያ ሆኖ ያውቃል። ከንጋቱ 12 ሰዓት ይከፈታል። መራጭ ሲገባ አንዱ አስመራጭ ስሙን ጮክ ብሎ ይጠራል። ለወግ አይደለም፤ በአንድ በኩል የተቀመጡት የፓርቲ ወኪሎች የመራጮችን ዝርዝር በእጃቸው ይዘዋልና ስሙን ሰምተው በየራሳቸው ዝርዝር ላይ ምልክት ያደርጋሉ። ሲመሽ ስንት ሰው እንደመረጠ የሚያውቀው የጣቢያው ኃላፊ ብቻ አይሆንም ማለት ነው።

ኃላፊው የድምፅ መስጫ ወረቀቱን ከመስጠቱ በፊት ጀርባው ላይ ባለ ስድስት አሃዝ ማኅተም ይመታበታል። መራጩ ወደ መከለያው ይሄዳል፤ ከወደደው ፓርቲ ምልክት ጎን፣ ኩባያም ይሁን ሌላ፣ ኤክስ ያደርጋል። ከዚያ ወረቀቱን ያጥፋል፤ ኤክሱ ወደ ውስጥ፣ ማኅተሙ ወደ ውጭ እንዲሆን አድርጎ። ተመልሶ ማኅተሙን ለኃላፊው ያሳይና በገዛ እጁ ሳጥን ውስጥ ይከታል።

ይህችን አስተጣጠፍ ልብ በሉልኝ። አንድ ቁራጭ ወረቀት በአንድ ጊዜ የሚጋጩ የሚመስሉ ሁለት ሥራዎች ይሠራል፤ መራጩ ማንን እንደመረጠ ይደብቃል፣ ወረቀቱ ግን እዚሁ ጣቢያ፣ አሁን የተሰጠው ራሱ መሆኑን ለሁሉም ይመሰክራል። ውጭ ያሳተመውን ወረቀት በኪሱ ይዞ የመጣ ሰው እዚች እጥፋት ላይ ይያዛል። ማሽን የለም፣ መብራት ቢጠፋም ግድ የለም፤ የተማረም ያልተማረም የሚችላት አንዲት የእጅ እንቅስቃሴ ናት። ይህን ያሰበ ሰው ስሙ የትም አልተጻፈም፤ እኔ ግን ከብዙ ሕገ መንግሥት አርቃቂዎች አስበልጠዋለሁ።

ምሽት 12 ሰዓት ላይ ምርጫው ያበቃል፤ ሳጥኑ ግን ከክፍሉ አይወጣም። እዚያው ይከፈታል፤ እዚያው ይዘረገፋል። ኃላፊው ወረቀቱን አንድ በአንድ ይዘረጋል፤ ጀርባውን ለማኅተሙ፣ ፊቱን ለኤክሱ ያሳያል። ወኪሎቹ አንገታቸውን አስግገው ያያሉ፤ ማኅተም የሌለው ዋጋ አልባ ይባላል፤ ኤክሱ መስመር የነካ እንደሆነ ክርክሩ እዚያው ነው። ውሎ ያደከማቸው አስመራጮች፣ ብዙዎቹ አስተማሪዎችና የመንግሥት ሠራተኞች ናቸው፣ ይህን የሚያደርጉት እያዛጉ ነው። ሙያው ግን ድካማቸውን አስቦ የተሠራ ነው። ጥርጣሬን የሚያስወግደው የአንድ ሰው ታማኝነት ሳይሆን አንዱን ወረቀት አብረው የሚያዩት የተቀናቃኞች ዓይን ነውና።

ከዚያ ቅጹ ይሞላል። ቅጹና አብረውት የሚሞሉት ሰነዶች የሚጠይቁት የየፓርቲውን ድምፅ ብቻ አይደለም። ጣቢያው ጠዋት ስንት ባዶ ወረቀት ተረከበ? ስንቱ ተበላሸ? ስንቱ ሳይነካ ተረፈ? ስንቱ ዋጋ አልባ ተባለ? ሒሳቡ መዝጋት አለበት። ለወዳጁ ፓርቲ 20 ድምፅ ልጨምር ያለ ሰው 20ውን ወረቀት ከየት እንዳመጣው በሌላው መስመር ላይ ይጠየቃል፤ ያንን ሲያስተካክል ደግሞ ወኪሎቹ ምልክት ካደረጉባቸው መራጮች ቁጥር ጋር ይጋጭበታል። አንድን ቁጥር መዋሸት ቀላል ነው፤ እርስ በርስ የሚጠባበቁ ቁጥሮችን አስማምቶ መዋሸት ግን ከቆጠራው የበለጠ ሥራ ይጠይቃል።

ቅጹ ተፈርሞ ሲያልቅ ይበተናል። አንዱ ቅጂ ወደ ክልሉ አስመራጭ ኃላፊ፣ አንዱ ወደ ዋናው የምርጫ ኃላፊ፣ ሌሎቹ ለፓርቲ ወኪሎቹ ይሄዳሉ፤ አንዱ ደግሞ የጣቢያው በር ላይ ይለጠፋል። መንገደኛው ያነበዋል፤ ስልክ ያለው ፎቶ ያነሣዋል። ከዚህ በኋላ ሳጥኑ ቢጠፋ፣ መኪናው ቢገለበጥ፣ ቢሮው ቢቃጠል እንኳ ቁጥሩ በብዙ ኪስ ውስጥ ነው። ጥሩ ሸማኔ የጋቢውን ጠርዝ የሚቋጨው ክሩ አንድ ቦታ ቢበጠስ ጥለቱ እንዳይተረተር ነው፤ የቅጹም ብልሃት ይኸው ነው።

ፈተናው በ2020 መጣ። ከባሕር ወለል በታች የተገኘው ነዳጅ መውጣት የጀመረው ገና በዲሴምበር 2019 ስለነበር ቀጣዩ መንግሥት ገንዘቡንም ይዞ እንደሚገባ ሁሉም ያውቃል። ማርች 2 ቀን ሕዝቡ መረጠ። በአገሩ ሁሉ በነበሩት 2,339 ሳጥኖች ቆጠራ ላይ የሚያጨቃጭቅ ነገር እምብዛም አልነበረም። ችግሩ የተፈጠረው ጆርጅታውንን በሚያጠቃልለው በክልል 4፣ 879 ሳጥኖች በነበሩበት፣ በድምሩ ላይ ነው። ሕጉ የክልሉ ኃላፊ ከየጣቢያው የመጡትን ቅጾች መብት ያላቸው ሰዎች ባሉበት እንዲደምር ያዛል። እዚያ ግን ድምሩ ወኪሎቹ በእጃቸው ከያዙት ቅጾች ጋር አልገጥም አለ። ከፍተኛው ፍርድ ቤት የመጀመሪያውን መግለጫ ሻረው፤ ሁለተኛ መግለጫ ወጣ፤ እሱም አልገጠመም።

ሁለተኛው መግለጫ ለገዢው ጥምረት 136,057፣ ለተቃዋሚው ፓርቲ 77,231 ድምፅ ሰጠ። ሳጥኖቹ ኋላ ሲከፈቱ የተገኘው 116,941 እና 80,920 ነው። ከአንዱ ላይ 3,689 ጎድሎ ለሌላው 19,116 ተጨምሮ ነበር። ይህን ለማወቅ ግን ሳጥኑ እስኪከፈት መጠበቅ አላስፈለገም። ተቃዋሚው ፓርቲ ወኪሎቹ ያመጡለትን ቅጂዎች ኢንተርኔት ላይ ዘርግቶ ነበርና የፈለገ ሁሉ ቁጭ ብሎ መደመር ይችል ነበር።

የካሪኮም ሊቀመንበር የነበሩት የባርቤዶስ ጠቅላይ ሚኒስትር ሚያ ሞትሊ በድጋሚ ቆጠራ አስማሙ። ከሜይ እስከ ጁን፣ ኮሮና ዓለምን ባሰረበት ወቅት፣ አፍና አፍንጫቸውን የሸፈኑ ሰዎች በጆርጅታውን የስብሰባ አዳራሽ ውስጥ ሁሉንም ሳጥን እየከፈቱ ወረቀቱን አንድ በአንድ እያነሡ አሳዩ፤ የካሪኮም ሦስት ታዛቢዎችም ተመለከቱ። አጠቃላይ ውጤቱ በተቃዋሚው ፓርቲ አሸናፊነት 233,336 ለ217,920 ሆነ፤ በወንበር 33 ለ31፣ አንዱ ለትንንሾቹ ፓርቲዎች። ጉዳዩ ከአገሩ ይግባኝ ሰሚ ፍርድ ቤት አልፎ መቀመጫው ትሪኒዳድ ወደሆነው የካሪቢያን ፍርድ ቤት ደረሰ፤ ጁላይ 8 ድጋሚ ቆጠራው እንዲጸና ተወሰነ። የተቃዋሚው ፓርቲ ዕጩ ኢርፋን አሊ በፕሬዚዳንትነት ቃለ መሐላ የፈጸሙት ኦገስት 2 ቀን ነው፤ ልክ በአምስተኛ ወሩ።

እዚህ ላይ አድናቆቴን መጠን ላብጅለት። ቅጹ ድንቅ ሥራ ነው፤ ቅጹን የሚቀበለው ተቋም ግን እንደዚያ አይደለም። የምርጫ ኮሚሽኑ ሰባት አባላት አሉት፤ ሦስቱ ከፕሬዚዳንቱ ወገን፣ ሦስቱ ከተቃዋሚው መሪ፣ ሊቀመንበሩ ደግሞ የተቃዋሚው መሪ ካቀረባቸው ስድስት ስሞች በፕሬዚዳንቱ የሚመረጥ ነው። ለ1992 የተፈጠረ ጊዜያዊ መላ ነበር፤ ሳይታሰብ ቋሚ ሆነ። አባላቱ በፓርቲ ተከፋፍለው ሦስት ለሦስት እየሆኑ ሊቀመንበሯ ብቻዋን የምትወስንባቸው ቀናት በ2020 ጥቂት አልነበሩም። ጣቢያው ውስጥ የተቀናቃኞች ዓይን ጥንካሬ ነው፤ ኮሚሽኑ ውስጥ ያው ነገር እግር ይይዛል። ልዩነቱ ይመስለኛል፣ ጣቢያው ላይ የሚያዩት ወረቀት ነው፤ ኮሚሽኑ ላይ የሚያወሩት አስተያየት ነው።

ከዚያ ወዲህ የተደረገው ጥገና ልከኛ ነው፤ ለዚህም ነው የወደድኩት። በ2022 ሕጉ ሲሻሻል ክልል 4ን ጨምሮ ትልልቆቹ ክልሎች ለድምር ሥራ በትንንሹ ተከፋፈሉ፤ ያን ሁሉ ቅጽ አንድ ሰው ብቻውን እንዳይዝ። ዋናው የምርጫ ኃላፊም የውጤት ቅጾቹን በኮሚሽኑ ድረ ገጽ ላይ የማውጣት ግዴታ ተጣለበት። በሕዝብ ዓይን ፊት የመለጠፉ ነገር ከጣቢያ በር ወደ አገር አደባባይ ወጣ ማለት ነው። የአንድን ሙያተኛ ብስለት የሚያሳየው ይህ ነው፤ የተሰበረውን ክፍል ብቻ ነክቶ የቀረውን መተው።

ጉያና ሴፕቴምበር 1 ቀን 2025 እንደገና መረጠች። ቅጾቹ ድረ ገጹ ላይ ወጡ። የኢርፋን አሊ ፓርቲ 36 ወንበር አሸነፈ፤ የተቀሩትን ሦስት ተቃዋሚ ፓርቲዎች 16፣ 12 እና 1 አድርገው ተካፈሏቸው። ውጤቱ የተነገረው ሴፕቴምበር 6 ቀን ነው።