የማይመለስ መሮ

ግሼ ራቤል ያደገ ሰው ድንጋይ ሳያይ አይውልም። በእኛ ደጋ፣ በግሼም ሆነ በመንዝ፣ የቤት ግድግዳ የድንጋይ ካብ ነው፤ ክዳኑ ሣር። ልጅ ሆኜ ካብ የሚክቡ ሰዎች አጠገብ ተቀምጬ እጃቸውን አይ ነበር። ካቢው ድንጋዩን ያነሣል፣ ያገላብጠዋል፣ ፊቱን ይፈልግለታል፣ ያስቀምጠዋል። ካልተስማማው አውርዶ ወደ ክምሩ ይመልሰውና ሌላ ያነሣል። አንዱን ድንጋይ ሦስት አራት ጊዜ ሲያወጣ ሲያወርድ ይቆያል። የካብ ሙያ ምሕረት ያለው ሙያ ነው። የተሳሳተው ይነሣል፣ የሚስማማው ይተካል፣ ግድግዳው ሲያልቅ ስህተቱን የሚያስታውሰው የለም።

ላሊበላ ሄጄ ያየሁት ሙያ ይህ ምሕረት የለውም። እዚያ ድንጋይ አይካብም፣ ይነሣል እንጂ። መሮ አንዴ የፈለጠው አለት ተመልሶ አይገጠምም። ስለ ውቅር አብያተ ክርስቲያናቱ ብዙ ተጽፏል፣ ብዙም ተዘምሯል። እኔ ልናገር የምፈልገው ግን እነሱን ስለሚያገናኙት ነገሮች ነው፤ ስለ ጉድባዎቹ፣ ስለ ፍልፍል መተላለፊያዎቹና ስለ ጨለማው መንገድ። የሠሪዎቹን ልክ ከየትኛውም ቦታ ይበልጥ ያወቅሁት እዚያ፣ ሰው ቶሎ ብሎ በሚያልፍበት ስፍራ ነው።

ከተማዋ በጥንት ስሟ ሮሃ ትባል ነበር። የዛሬ ስሟን ያገኘችው ከዛጉዌው ንጉሥ ከቅዱስ ላሊበላ ነው፤ ዘመነ መንግሥቱም በ12ኛው መቶ ክፍለ ዘመን መጨረሻና በ13ኛው መጀመሪያ ላይ ይውላል። አብያተ ክርስቲያናቱ 11 ናቸው። ዮርዳኖስ የተባለው ወራጅ በሁለት ወገን ይከፍላቸዋል፤ ቤተ ጊዮርጊስ ደግሞ ከሁለቱም ተነጥሎ ለብቻው ቆሟል። ለዚህች ከተማ እንግዳ የሆነ ሰው መጀመሪያ የሚገርመው አለመታየታቸው ነው። የብዙዎቹ ጣሪያ ከፍታ ከሜዳው ጋር እኩል ስለሆነ፣ ጥቂት እርምጃ ራቅ ብሎ የሚሄድ መንገደኛ ከእግሩ ሥር ቤተ ክርስቲያን መኖሩን ሳያውቅ ሊያልፍ ይችላል።

አስጎብኚያችን ረጋ ያለ ወጣት ነበር። ከአፋፉ ላይ ቆሜ ወደ ታች ሳይ አጠገቤ መጣና፣ “ጋሼ፣ ከላይ ቆሞ ያየ ጣሪያውን ነው ያየ። ቤቱን ለማየት መውረድ ነው ያለብዎት” አለኝ። ወረድን።

የጀመርነው ከቤተ መድኃኔ ዓለም ነው። ከአንድ ወጥ አለት ከተፈለፈሉት አብያተ ክርስቲያናት ሁሉ በስፋቱ በዓለም ቀዳሚ እንደሆነ የሚነገርለት ይህ ነው፤ ርዝመቱ ከ33 ሜትር በላይ ነው። ከዚያ ወደ ቤተ ማርያም የሚወስደው አጭር መተላለፊያ ግቢውን ከግቢው የሚለየውን አለት በስቶ ያልፋል። ብዙ ሰው ሁለቱን አብያተ ክርስቲያናት ለማየት ሲቸኩል እዚህ አይቆምም። እኔ ግን ቆምኩ፤ ጥያቄ ያዘኝ።

ቤት ከመሠረት ይጀመራል፣ በጉልላት ያልቃል፤ እኛ የምናውቀው ይህን ነው። እዚህ የተገላቢጦሽ ነው። ጠራቢው መጀመሪያ ከላይ ዙሪያውን ጉድባ ይቆፍርና መሐል ላይ አንድ ትልቅ አለት ነጥሎ ያስቀራል። ከዚያ ጣሪያውን ይቀርጻል፤ እየወረደ መስኮቱን፣ እየወረደ በሩን ያወጣል፤ መሠረቱ የሚታየው መጨረሻ ላይ ነው። ወደ ውስጥ ሲገባም እንዲሁ ነው። ዓምዱን የሚያቆመው ሰው የለም፤ ዓምድ ማለት ዙሪያው ሲነሣ ሳይነካ የተተወ አለት ነው። ስለዚህ ሠሪው የመጀመሪያውን መሮ ሲያሳርፍ የመጨረሻውን ወለል በልቡ አይቶት መሆን አለበት። ዓምዱ የት እንደሚቀር ሳያውቅ ቢጀምር ዓምዱን ራሱን ፈልጦ ይጥለዋል።

መተላለፊያው ደግሞ ከዚህም ይከብዳል። ቤተ ክርስቲያኑን የሚፈለፍል ሰው ሰማይ ከላዩ አለ፤ በዓይኑ ይለካል። መተላለፊያውን የሚፈለፍል ሰው ግን ፊቱ ያለው አለት ብቻ ነው። ከወዲያ ያለው ግቢ በየት በኩል እንደሆነ፣ ወለሉ ምን ያህል ዝቅ እንዳለ፣ ግድግዳው ምን ያህል እንደቀረው ሳያይ ይመታል። ትንሽ ቢስት በሌላው ግቢ ግድግዳ ላይ ያልታሰበ ቀዳዳ ይከፍታል፤ ያም ቀዳዳ ለዘላለም ይታያል። እኛ ግን ጎንበስ ብለን ገባን፣ ቀና ብለን ቤተ ማርያም ግቢ ውስጥ ቆምን። በየዓመቱ በልደት ካህናቱ ከላይ በአፋፉና ከታች በግቢው ተሰልፈው “ቤዛ ኩሉ” እያሉ የሚያሸበሽቡበት ግቢ ነው።

ወደ ቤተ ጎልጎታና ቤተ ሚካኤል ስንሻገር ጉድባው ጠለቀ። በምዕራብ በኩል፣ በጉድባው ውስጥ፣ አንድ አራት ማዕዘን አለት ተነጥሎ ቆሟል፤ የአዳም መቃብር ይሉታል። ውስጡ ስለተፈለፈለ መተላለፊያም ነው። በቀራንዮ የጌታ መስቀል የቆመው ከአዳም መቃብር በላይ ነው የሚለውን ትምህርት የሚያውቅ ምእመን፣ ጎልጎታ ለመድረስ በአዳም መቃብር ሲያልፍ ምን እንደሚሰማው ማንም ሊነግረው አይገባም። መንገዱ ራሱ ይሰብካል። ኢየሩሳሌምን በላስታ ተራራ ላይ ሊያሳይ የተነሣ ሰው፣ ቦታዎቹን በስም ብቻ አልሰየመም፤ እግር የሚሄድበትን ቅደም ተከተልም ቀርጾታል።

ከዮርዳኖስ ማዶ ያለው ወገን ግን የመንገዶቹ ሀገር ነው። ቤተ ገብርኤል ወሩፋኤልን ጥልቅ ጉድባ ከቦታል፤ የሚገባው በድልድይ ነው። ወደ ቤተ መርቆሬዎስ የሚወስደው ጨለማ መንገድ የሚጀምረው ከዚህ ነው። የሲኦል ምሳሌ ነው ይላሉ፤ ጨርሶ ለወጣ ብርሃኑ ገነት ይሆንለታል። አስጎብኚያችን የሁላችንንም የእጅ ስልክ መብራት አስጠፋና ደንቡን ነገረን፦ ቀኝ እጅ ከግድግዳው አይነሣም፤ ግራ እጅ ከራስ በላይ ጣሪያውን ይጠብቃል፤ እግር ሳይቸኩል ይሄዳል።

ጫማችንን አውልቀን ገባን። ጥቂት እርምጃ እንደሄድን ብርሃን ከኋላም ከፊትም ጠፋ። ዓይኔን ብከፍተውም ብጨፍነውም አንድ ሆነ። ከፊቴ የነበሩት አንዲት አሮጊት፣ “እመቤቴ፣ እመቤቴ” እያሉ ቆሙ። ወጣቱ ከፊት በዝግታ፣ “እናቴ፣ አይዞዎት። እጅዎን ከግድግዳው አያንሡ፤ ግድግዳው ያደርስዎታል” አላቸው። ሄዱ። እኔም ከዚያች ቃል በኋላ መፍራቴን ትቼ እጄን ማዳመጥ ጀመርኩ።

በመዳፌ ሥር የነበረው ነገር እንዲህ ነው። ከታች፣ በወገቤ ልክ፣ የመሮው ዱካ ይገኛል፤ አጫጭር፣ ሰያፍ፣ እርስ በርሱ የተጠጋጋ፣ ጣት ሲሄድበት እንደ ተሸመነ ነገር የሚቆጠር። ከፍ ሲል፣ ሰው ሁሉ እጁን በሚያሳርፍበት ከፍታ ላይ፣ ዱካው ጠፍቶ አለቱ ለስልሷል፤ ያለሰለሰው የምእመናን መዳፍ ነው። ቀስ እያልኩ ስሄድ አንድ ነገር አስተዋልኩ። እጄን የሚቧጭር ጉብታ፣ ጣቴን የሚይዝ ስንጥቅ፣ ትከሻዬን የሚመታ ጥርስ አላገኘሁም። ግድግዳው ሲታጠፍ ቀስ ብሎ ይታጠፋል፤ እጄ መታጠፉን ከእግሬ ቀድሞ ያውቃል። ይህን መንገድ የፈለፈለው ሰው የሚያየው ዓይን እንደማይኖር ያውቅ ነበር። ሆኖም እንደሚታይ አድርጎ ሠራው። ሥራውን የሚመረምረው የሰው ዓይን ሳይሆን የፈራ ሰው መዳፍ እንደሆነ ገብቶት ነበር ብዬ አምናለሁ። ባለሙያነት ማለት ለእኔ ይኸው ነው፤ ማንም በማያይበት ቦታ የተጠበቀ ልክ።

ብርሃኑ ሲመጣ እንደ ጭላንጭል ጀምሮ ከፊታችን ሰፋ። አሮጊቷ ወጥተው ግድግዳውን ሳሙት፤ እኔም ሳምኩት።

ከዚያ የደረስንበት ቤተ አማኑኤል በጠራቢዎቹ ሙያ ለተጠራጠረ ሰው መልስ ነው። የውጭ ግድግዳው ገባና ወጣ እያለ በአግድም ተደርድሯል። ይህ የአክሱም ግንበኞች ድንጋይና እንጨት እያፈራረቁ ሲሠሩ የሚወጣው መልክ ነው፤ በመስኮቶቹ ማዕዘን ያሉት አራት ማዕዘን ጉብታዎችም የእንጨት ጫፍ ምሳሌ ናቸው። እዚህ ግን እንጨት የለም፤ ሁሉም አንድ አለት ነው። ግንበኛ አባቶቹ በመገንባት ያገኙትን መልክ ጠራቢው በማንሣት መለሰው። ቤተ አባ ሊባኖስ ደግሞ ጎንና ጎኑ፣ ኋላውም ከአለቱ ተላቆ፣ በጣሪያው ብቻ ከተራራው ጋር ተያይዞ ቀርቷል። በዙሪያው ለመሄድ የሚያስችለው ጠባብ ክፍተት ራሱ ፍልፍል መንገድ ነው።

ግንበኛ ሁሉ ቱንቢና ውሃ ልክ ያውቃል። የእነዚህ ሰዎች ውሃ ልክ ውሃው ራሱ ነበር ማለት ይቻላል። የላሊበላ አለት ከእሳተ ገሞራ የመጣ፣ ቀላ ያለ፣ ለመሮ የሚታዘዝ ድንጋይ ነው፤ ለመሮ የሚታዘዝ ድንጋይ ግን ለውሃም ይሸነፋል። በጉድጓድ ውስጥ ቤት የሠራ ሰው የላስታን ክረምት መውጫ ካላበጀለት፣ ቤቱ በመጀመሪያው ሐምሌ ኩሬ ይሆናል። ስለዚህ ጉድባዎቹ የእግር መንገድ ብቻ አይደሉም። ተዳፋታቸውን እየተከተለ ዝናቡን ከግቢዎቹ የሚያወጣ የቦይ ሥራ አብሯቸው ተቀርጿል። ምእመኑ ወደ ውስጥ በሚገባበት ስፍራ ውሃው ወደ ውጭ ይወጣል። ይህን ያህል ዘመን ያቆማቸው ከጸሎቱ ጋር ይህ ብልሃት ነው።

ሥራው በቀን በሰው፣ በሌሊት በመላእክት እጅ ተሠራ ይላል ትውፊቱ። አፈር የሚመረምሩ ባለሙያዎች ደግሞ ሁሉም በአንድ ጊዜ አልተፈለፈለም፣ በተለያየ ጊዜ እየተስፋፋና እየተለወጠ መጥቷል ይላሉ። በጨለማው መንገድ የሄደ ሰው ሁለቱን ለማጣላት አይቸኩልም። ፖርቱጋላዊው ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ በአውሮፓ አቆጣጠር በ1520ዎቹ አብያተ ክርስቲያናቱን አይቶ ከዚህ በላይ ብጽፍ የሚያምነኝ የለም ብሎ ሰግቶ ነበር። በህንድ ኤሎራ ያለው የካይላሳ መቅደስ እንዲሁ ከላይ ወደ ታች ከአንድ አለት ተፈልፍሏል፤ የዮርዳኗ ፔትራ ከገደል ፊት ተቀርጻለች። በካናዳዋ ሞንትሪያል ነዋሪው የክረምቱን ብርድ የሚያመልጥበት ከ30 ኪሎ ሜትር በላይ የሚሆን የምድር ውስጥ መንገድ አለ። ሁሉም የሰው ልጅ ክብር ናቸው። የላሊበላው ግን ብርድ ለመሸሽ አልተሠራም፤ የሚሄድበትን ሰው ለውጦ ለማውጣት ነው።

መጨረሻ የሄድነው ወደ ቤተ ጊዮርጊስ ነው። ጣሪያው ላይ መስቀል በመስቀል ውስጥ ሦስት ጊዜ ተደርቦ ተቀርጿል፤ ዓለም የሚያውቀው ይህን ፎቶግራፍ ነው። አወራረዱ ግን በአለቱ ውስጥ በተቆረጠ ጉድባ ነው። ሰማዩ እየጠበበ፣ ግድግዳው እየረዘመ ይሄድና ድንገት ቤተ ክርስቲያኑ በቁመቱ ፊት ለፊት ይቆማል። ከላይ መስቀል ሆኖ የታየው ከታች ግንብ ይሆናል። ሠሪው መንገዱን እንዲህ ያስረዘመው ይህን እንድናይለት ይመስለኛል።

ቅርሱ በ1970 ዓ.ም. በዓለም ቅርስነት ተመዝግቧል። ዛሬ ስንጥቅ የገባባቸው ግድግዳዎች አሉ፤ ከዝናብ ለመከላከል ከ2000 ዓ.ም. ጀምሮ ከአንዳንዶቹ በላይ መጠለያ ቆሟል፤ የመጠለያው ክብደትም በተራው ያሳስባል። ይህ የባለሙያዎች ሥራ ነው። የእኛ የጎብኚዎቹ ሥራ ግን ቀላል ነው። ከላይ ፎቶ አንሥታችሁ አትመለሱ፤ ውረዱ። አስጎብኚ ያዙ፤ የሚላችሁን ስሙ። ቦዩ ውስጥ ላስቲክ አትጣሉ፤ ውሃው የሚወጣበት ሌላ መንገድ የለውም። በግድግዳው ላይ ስማችሁን አትጻፉ፤ የሠሩት ሰዎች የራሳቸውን አልጻፉም። ራቤል ካብ ሲናድ መልሰን እንክበዋለን። የላሊበላን አለት መልሶ የሚክብ ግን የለም፤ መሮ ያነሣው እንደማይመለስ ሁሉ፣ እኛ ያጠፋነውም አይመለስም።