«ጤዛ»፦ መንደሩ ምሁሩን ሲታዘብ

የኃይሌ ገሪማ «ጤዛ» (2008 እ.ኤ.አ.) ከሁለት ሰዓት በላይ የሚሄድ ረጅም ፊልም ነው። ዋና ገጸ ባሕሪው አንበርብር ጀርመን ሕክምና ተምሮ፣ በአብዮቱ ተስፋ ወደ አገሩ ተመልሶ፣ ከደርግ ዘመን ግፍ ጋር ተላትሞ፣ በመጨረሻ አንድ እግሩን አጥቶ በ1990 እ.ኤ.አ. ጣና ዳር ወዳለው የትውልድ መንደሩ ይገባል። ፊልሙ ግን ታሪኩን በዚህ ቅደም ተከተል አይነግረንም። የአንበርብር ትዝታ ተበጣጥሷል፤ ትረካውም ኮሎኝን፣ አዲስ አበባንና መንደሩን እያፈራረቀ ይሄዳል። ቅርጹ ከገጸ ባሕሪው ሕመም የተወለደ ስለሆነ መመሰቃቀሉ ተመልካቹን አድክሞም ቢሆን ያሳምነዋል።

የፊልሙ ትልቁ ስኬት መንደሩ ነው። አንበርብርን በጠበል ሊፈውሱት ሲሞክሩ ካሜራው በእምነቱ አይሳለቅም፣ አያሽቃብጥለትምም። ወጣቶች አፈሳ ሸሽተው ዋሻ ይደበቃሉ፤ ሰው ያገለላት አዛኑ ደግሞ በአንበርብር እናት ቤት ተጠግታ ትኖራለች። ሩኅሩኅነቱም ጭካኔውም የአንድ መንደር ነው፤ ኃይሌ አንዱን ለማሳመር ሌላውን አልደበቀም። ብዙ ፊልሞቻችን ገጠሩን ወይ የናፍቆት ሥዕል ወይ የኋላ ቀርነት ማሳያ ያደርጉታል። እዚህ ግን የሚመረመረው የተማረው ሰው ነው፣ ታዛቢውም ገበሬው። የሙሶሎኒን ስም የተሸከመው ተራራም እንዲሁ ያለ ማብራሪያ ቆሟል። ከደብረ ሲና በላይ ጣሊያን የበሳውን የጣርማ በር ዋሻ ያለፈ ሰው፣ የወራሪ አሻራ ከመሬት ጋር እንዴት እንደሚቀር አስረጂ አያሻውም።

የኮሎኙ ክፍል ግን ይላላል። የተማሪዎቹ ምልልስ ብዙ ጊዜ የስብሰባ ንግግር ይሆናል። ያ ትውልድ በመፈክር ያወራ እንደነበር አይካድም፤ እውነት መሆኑ ብቻ ግን ድራማ አያደርገውም። በዚህ ክፍል የምናገኛቸው ሴቶች፣ ካሳንድራና ጋቢም፣ ሙሉ ሰው ከመሆናቸው በፊት የሐሳብ ተሸካሚ ይሆናሉ። በአንጻሩ ሕንዳዊው የኬረላ ፊልም ሠሪ አዱር ጎፓላክሪሽናን በ«ኤሊፓታያም» ከአንድ የባላባት ቤት እምብዛም ሳይወጣ የአንድ ሥርዓት መፍረስን አሳይቷል። ኃይሌ ጀርመንንና ኢትዮጵያን በአንድ ፊልም ሊጠቀልል ሲሞክር፣ ከመንደሩ በራቀ ቁጥር ጥልቀቱ ይቀንሳል።

መጨረሻው ላይ አንበርብር የመንደሩ ልጆች አስተማሪ ይሆናል፤ አዛኑም ትወልዳለች። የልደቱ ተምሳሌትነት ጎልቶ የወጣ ቢሆንም፣ የአስተማሪነቱ ምርጫ ከታሪኩ ውስጥ የበሰለ ነው። በቬኒስ የፊልም ፌስቲቫል የዳኞች ልዩ ሽልማትንና የምርጥ ስክሪፕት ሽልማትን፣ በ2009 እ.ኤ.አ. ደግሞ የአፍሪካ ፊልም ፌስቲቫል የሆነውን የፌስፓኮን ትልቁን ሽልማት ማግኘቱ ይገባዋል እላለሁ፤ እንከኑን ሳልክድ። ይህን ዓይን የወረሰ ወጣት ፊልም ሠሪ ካለ፣ ከደጋው ወርዶ አማራው፣ አርጎባው፣ አፋሩና ኦሮሞው የሚገናኙበትን የይፋትን ቆላ ይመልከት፤ እዚያም መንደሩ ይናገር፣ ተዋናዩ ንግግር አያድርግ።