ሞተ ስለ ተባለው የቻይና ግጥም

የአንድን ሕዝብ የድርሰት ታሪክ የሚጽፍ ሰው ሁለት ሥራ አለበት፤ የተጻፈውን መሰብሰብና የተሰበሰበውን መመዘን። ሚዛኑን የያዘው ሰው ራሱ ከተከራካሪዎቹ አንዱ ሲሆን ግን፥ እርሱ የመዘነውን ሌላ ሰው ዳግመኛ ሊመዝነው ይገባል። የዘመናዊው የቻይና ግጥም ታሪክ ለብዙ ጊዜ የተጻፈው በዚህ ዐይነት ነው። (ከዚህ በታች የሚነገሩት ዓመታት ሁሉ እንደ ኤውሮፓውያን አቈጣጠር ናቸው።)

በቻይና ከጥንት ጀምሮ ሊቃውንት የሚጽፉበት ቋንቋ ሌላ፥ ሕዝቡ የሚነጋገርበት ቋንቋ ሌላ ነበር። የሊቃውንቱ ዌንየን፥ የሕዝቡ ባይኋ ይባላል። የመንግሥት ሹመት የሚፈልግ ሁሉ በዌንየን ይፈተን ስለ ነበር፥ ፈተናው በ1905 ዓ.ም. እስኪቀር ድረስ የተማሪው ኑሮ በእርሱ ላይ ቆሞ ነበር። ከዚህ በኋላ በጃንዋሪ 1917 ዓ.ም. በአሜሪካ ይማር የነበረ ሁ ሺ የተባለ የ25 ዓመት ወጣት፥ «አዲስ ወጣት» በሚባለው መጽሔት 8 ነጥብ ያለው ጽሑፍ አወጣ። ከነጥቦቹ ዋና ዋናዎቹ፥ የቀደሙትን አትቅዱ፥ የተለመደ ጌጥ ተዉ፥ የሕዝቡን አነጋገር አትናቁ የሚሉ ናቸው። በ1920 ዓ.ም. በባይኋ የገጠማቸውን ግጥሞች «ሙከራ» በሚል ስም አሳተመ፤ በዚያው ዓመት የትምህርት ሚኒስቴር በታችኛው ክፍል ያሉ ሕፃናት በንግግሩ ቋንቋ እንዲማሩ አዘዘ። ይህ ሥራ የሚነቀፍ አይደለም። በሕፃን ላይ የማያውቀውን ቋንቋ ከማያውቀው ፊደል ጋር ባንድነት መጫን ምን ያህል እንደሚከብድ፥ ያስተማረ ሁሉ ያውቀዋል። ስለ ግጥሞቹ ግን እውነቱን ለመናገር፥ ዛሬ የሚነበቡት ስለ ታሪካቸው እንጂ ስለ ጣዕማቸው አይደለም።

ዳሩ ግን ሁ ሺ በማሻሻል አልቆመም። ዌንየንን ሙት ቋንቋ፥ በእርሱም የሚጻፈውን ሙት ድርሰት ብሎ ፈረደ። በ1928 ዓ.ም. የባይኋን ድርሰት ታሪክ ሲጽፍ ደግሞ ይህን ፍርድ ወደ ኋላ ወስዶ ባለፉት ዘመናት ላይ አጸናው። በዚህ መጽሐፍ (የታተመው የመጀመሪያው ክፍል ብቻ ነው) የታንግ ዘመን ታላላቅ ባለቅኔዎች፥ ዱ ፉና ባይ ጁዪ ሳይቀሩ፥ የባይኋ ወገን ሆነው ይገኛሉ። ይህ የሆነበት ምክንያት፥ ባይኋ ማለት ግልጽና ያልተቀባባ አነጋገር ነው ብሎ ትርጓሜውን ስላሰፋው ነው። እንግዲህ ጸሐፊውን ደስ ያሰኘው ሁሉ ሕያው፥ ደስ ያላሰኘው ሁሉ ሙት ሊሆን ነው። ፍርዱ ቀድሞ ሕጉ ተከተለ።

ዱ ፉ የሚደነቅበት ባለ ስምንት ስንኝ ግጥም ሕጉ እጅግ የጠበቀ ነው። ስንኙ አምስት ወይም ሰባት ፊደል አለው፤ እያንዳንዱ ፊደል አንድ ድምፅ ነው። በቻይና ቋንቋ የቃል ትርጕም በድምፁ አወጣጥ ስለሚለይ፥ ድምፆቹ ደልዳላና ዘንባላ ተብለው ለሁለት ተከፍለው በየቦታቸው ይፈራረቃሉ። በመካከል ያሉት አራት ስንኞች ሁለት ሁለት ሆነው ቃል በቃል ይተያያሉ፤ በአንደኛው ተራራ ቢባል በሁለተኛው በዚያው ቦታ ወንዝ ይመጣለታል። ቅኔ የተማረ አንባቢ ይህን ሲሰማ አይደነግጥም፤ ሕግ አሳብን እንደሚያስር ብቻ ሳይሆን አሳብን እንደሚወልድም ከጉባኤው ያውቃልና። ግእዝም የቤት ንግግር መሆኑ ከቀረ ብዙ መቶ ዓመት አልፎ ቅኔው ዛሬም ስለሚዘረፍ፥ በአፍ የማይነገር ቋንቋ ሁሉ ሙት ነው የሚለውን ቃል ሳይመረምር አይቀበለውም።

ሁ ሺ በ1917ቱ ጽሑፉ የቀደሙትን ለሚቀዱት ምሳሌ አድርጎ ግጥሙን ጠቅሶ የነቀፈው አንድ በሕይወት ያለ ባለቅኔ ነበር፤ እርሱም ቼን ሳንሊ ነው። ቼን ሳንሊ በ1853 ዓ.ም. ተወልዶ፥ በ1898ቱ የለውጥ ሙከራ ምክንያት ከአባቱ ጋር ከሹመት የተሻረ፥ ከዚያም ወዲህ ኑሮውን ለግጥም የሰጠ ሰው ነው። የአገሩን መከራ የገጠመው ሞተ በተባለው ቋንቋ ነው። ጃፓኖች በ1937 ዓ.ም. ቤይፒንግን፥ ያሁኑን ቤይጂንግ፥ ሲይዙ እህልና መድኃኒት አልቀበልም ብሎ በዚያው ዓመት ዐረፈ። የዚህን ሰው ቃል ከሰው ተቀዳ እንጂ ከልብ አልወጣም ማለት እንዴት ይቻላል?

ሆኖም በ1935ና በ1936 ዓ.ም. የአዲሱ ድርሰት ታላቅ ስብስብ በ10 ቅጽ ሲታተም፥ አዘጋጆቹ የእንቅስቃሴው ሰዎች ራሳቸው ሆኑ። የመጀመሪያውን ቅጽ ሁ ሺ፥ የግጥሙን ጁ ዚቺንግ አዘጋጀ። ጁ ዚቺንግ አስተዋይ አንባቢ ነውና አዲሶቹን ገጣሚዎች በሦስት ወገን፥ ልቅ አድርገው በሚገጥሙ፥ በልክ በሚገጥሙና በስውር ምሳሌ በሚናገሩ፥ ለይቶ አቀረበ፤ ነገር ግን የመስኩ ድንበር አስቀድሞ ተተክሎለት ነበር። ብዙዎቹ የኋላ ታሪክ ጸሐፊዎችም በዚሁ ድንበር ውስጥ አረሱ።

ድንበሩን የሚያፈርሰው ምስክር ሉ ሹን ነው። ከእርሱ የሚበልጥ የባይኋ አርበኛ አልነበረም። በፌብሩዋሪ 1931 ዓ.ም. 5 ወጣት ደራስያን በሻንግሃይ በጥይት ተገደሉ፤ ከእነርሱም ሮው ሺ የተባለው የቅርብ ወዳጁ ነበር። ሉ ሹን ሚስቱንና ልጁን ይዞ በእንግዳ ማረፊያ ተሸሽጎ ሳለ ሌሊት በግቢው ቆሞ ገጠመላቸው፤ የገጠመውም ባለ ስምንት ስንኝ፥ ባለ ሰባት ፊደል፥ የጥንቱ ግጥም ነው። ከሁለት ዓመት በኋላ ስለ እነርሱ በባይኋ በጻፈው የኀዘን ጽሑፍ መካከል ይህንኑ ግጥም አገባው፤ ምክንያቱንም የቀድሞ ልማድ ያደርገዋል። ልማድ የሚለው ቃል ግን ነገሩን ያሳንሰዋል። የሰው ልብ በተሰበረ ጊዜ የሚመለስበት ቋንቋ ሙት ሊባል አይገባም።

አዲሱም ግጥም ቢሆን ከልክ ርቆ መኖር አልቻለም። ዌን ዪዱዎ በ1926 ዓ.ም. ግጥም የዜማ፥ የሥዕልና የሕንፃ ውበት ሊኖረው ይገባል ብሎ ጽፎ ስንኞቹን በፊደል ቍጥር እኩል አደረገ። ማኦ ዜዶንግ ደግሞ በጃንዋሪ 1957 ዓ.ም. 18 የጥንት ዐይነት ግጥሞቹን «ግጥም» በተባለው መጽሔት የመጀመሪያ ቍጥር አሳትሞ፥ ወጣቶች ግን ይህን ዐይነት እንዳይከተሉ በደብዳቤው መከረ፤ ራሱ የሚጠጣውን ለልጆቹ የሚከለክል አባት ይመስላል።

በሊቃውንቱ መካከል ክርክሩ አላለቀም። የጥንቱ ዐይነት ግጥም በዘመናዊው ታሪክ ቢገባ የ1917 ለውጥ ዋጋ ያጣል የሚሉ አሉ። ይህ ሥጋት ለለውጡ ክብር ያስባል እንጂ ግጥሞቹን አያነብም፤ በ1931 የተገጠመ የ1931 ነው። ሼንግቺንግ ዉ የተባለች ሊቅ በ2013 ዓ.ም. በእንግሊዝኛ ባሳተመችው መጽሐፍ እነዚህን የተተዉትን ገጣሚዎች ከዘመናቸው ጋር አስማምታ ትመረምራለች። የምትመረምረው ዘመን በ1900 ይጀምርና ቼን ሳንሊ ባረፈበት በ1937 ያበቃል።