ስለ ሲንሲናቱስ ታሪክ፥ በትምህርት ቤት ስለምንነግረውና ስለምንተወው

ወጣት አንባቢዎች ሆይ፤ ሠላሳ አምስት ዓመት በመምህርነት ሳገለግል በየዓመቱ ሳልሰለች ካስተማርኋቸው ታሪኮች አንዱ የሮማዊው የሲንሲናቱስ ታሪክ ነው። እኔ ራሴ በልጅነቴ በሚሲዮን ትምህርት ቤት ከአንዲት የእንግሊዝኛ ማንበቢያ መጽሐፍ ተምሬው ነበር። በመጽሐፏ ውስጥ ሽማግሌው እርፉን እንደ ጨበጠ ቆሞ፥ ከከተማ የመጡት መልእክተኞች እጅ ሲነሡት የሚያሳይ ሥዕል ነበረ። በሥዕሉ ያሉት በሬዎች ሻኛ አልነበራቸውምና እኛ ተማሪዎች ከታሪኩ ይልቅ በበሬዎቹ ስንገረም እንደ ዋልን ትዝ ይለኛል።

ታሪኩን የማያውቅ ቢኖር ባጭሩ እንዲህ ነው። ሮማውያን ነገሥታታቸውን ካባረሩ በኋላ አገሩን የሚያስተዳድሩትም ጦሩን የሚመሩትም በየዓመቱ የሚመረጡ፥ ቆንስል የሚባሉ ሁለት ሹማምንት ነበሩ። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ458 ዓመት ከሁለቱ አንዱ ሚኑኪዩስ፥ አልጊዱስ በሚባለው ተራራ አጠገብ ከነሠራዊቱ በኤኵያውያን ተከበበ። ወሬው ሮማ በደረሰ ጊዜ ሴናቶ የሚባለው የሽማግሌዎች ምክር ቤት ዲክታቶር እንዲሾም ፈለገ። ዲክታቶር የሚለው ቃል በዚያን ዘመን እንደ ዛሬው የነቀፋ ስም አልነበረም፤ አገር በጭንቅ ላይ ስትሆን ለስድስት ወር ብቻ የሚሾም፥ ሌሎች ሹማምንት የሚታዘዙለት አንድ ሰው ማለት ነው። የተመረጠውም ሲንሲናቱስ ሆነ። መልእክተኞቹ ከቲቤር ወንዝ ማዶ፥ አንድ ሄክታር ያህል በምትሆን ማሳው ላይ ሲሠራ አገኙት። ሚስቱ ራኪልያ ቶጋ የሚባለውን የክብር ልብስ ከጎጆው እንድታመጣለት ነገራት፤ አቧራውንና ላቡን ጠርጎ ለበሰና ቃላቸውን ሰማ። በማግሥቱ ሱቆች እንዲዘጉ፥ ለጦርነት የደረሰ ሰው ሁሉ የአምስት ቀን ስንቅና አሥራ ሁለት ካስማ ይዞ ፀሐይ ሳትጠልቅ እንዲሰለፍ አዘዘ። ሌሊቱን ገስግሶ ከባቢዎቹን ከበባቸው፤ ድል አድርጎም ከጦር ዘንግ በተሠራ ቀንበር ሥር አጎንብሰው እንዲያልፉ አደረጋቸው። ከዚያ በኋላ ለስድስት ወር የተቀበለውን ሥልጣን በአሥራ ስድስተኛው ቀን አስረከበ።

ይህን ታሪክ ያልወደደ የለም። የአሜሪካው ጆርጅ ዋሽንግተን በ1783 እንደ ፈረንጆች አቈጣጠር የጦር አዛዥነቱን አስረክቦ ወደ እርሻው በተመለሰ ጊዜ ያመሳሰሉት ከሲንሲናቱስ ጋራ ነው፤ ሲንሲናቲ የምትባለው ከተማም ስሟን ያገኘችው በእርሱ ስም ከተሰየመው የመኮንኖች ማኅበር ነው። እኔም በክፍል ውስጥ ስናገረው ድምፄን ከፍ አደርግ ነበር። አንድ ቀን ግን በኋለኛው ወንበር የሚቀመጥ ዝምተኛ ልጅ እጁን አነሣና «ጋሼ፥ አልመልስም ቢል ኖሮ ማን ያስመልሰው ነበር?» አለኝ። እኔም «እንዲህ ያለ ደግ ሰው እንዴት አልመልስም ይላል?» ብዬ አስቀመጥሁት። ልጆቹ ሣቁበት። እኔም ዝም አላሰኘኋቸውም።

በጡረታ ዘመኔ ታሪኩን ከምንጩ ለማንበብ ጊዜ አገኘሁ። በሰፊው የጻፈልን ቲቶ ሊቪዩስ ነው። በፓዶቫ ተወልዶ በአውግስጦስ ቄሣር ዘመን የኖረ ሰው ነው፤ አውግስጦስን በሉቃስ ወንጌል ከሕዝብ ቈጠራው ጋራ ስሙ ሲነሣ ታውቁታላችሁ። ሊቪዩስ የሮማን ታሪክ በ142 መጻሕፍት ጽፎ፥ ለእኛ የደረሱልን 35 ብቻ ናቸው። ከሲንሲናቱስ ዘመን እስከ እርሱ አራት መቶ ዓመት አልፎ ነበር፤ በመካከሉም ጋሎች ሮማን ባቃጠሉ ጊዜ አብዛኛው የጥንት መዝገብ እንደ ጠፋ ራሱ አልሸሸገም። ስለዚህ የዛሬ ሊቃውንት የዚህን ዘመን ታሪክ በጥርጣሬ ይመለከቱታል። እኔ ግን የምመረምረው የተነገረውን ነገር ነው፤ ለልጆች የምናስተላልፈው እርሱን ነውና።

ሊቪዩስ ከማሳው ታሪክ ሲደርስ ትረካውን ጥቂት ገታ አድርጎ አንባቢውን ይመክራል። ምክሩም ስለ ገንዘብ ነው፤ ክብርና ጀግንነት ለሀብታም ብቻ ነው የሚሉትን ሰዎች ሊያሳፍር ይፈልጋል። መልካም ምክር ነው፤ ነገር ግን በዚህ ታሪክ ውስጥ የሚያስጨንቀው ነገር ድህነቱ ነውን? ሃያ አራት መጥረቢያ ተሸካሚዎች በፊቱ እየሄዱለት፥ ከተማው በሙሉ በቃሉ ሱቁን የዘጋለት ሰው ነው። ሊቪዩስ ስለ ማሳው ሲነግረን ስለ መጥረቢያዎቹ ሳንጠይቅ እናልፋለን።

ደግሞስ ለምን ደኸየ? ይህንም ሊቪዩስ ራሱ ጥቂት ቀደም ብሎ ነግሮን ነበር፤ የትምህርት ቤት መጻሕፍት ናቸው የጣሉት። ሲንሲናቱስ ባላባት ነው። ቄሶ የሚባል ጉልበተኛ ልጅ ነበረው። በዚያን ጊዜ ተራው ሕዝብ ከባላባቶች በደል እንዲጠብቁት የሚመርጣቸው፥ ትሪቡን የሚባሉ ሹማምንት፥ የቆንስሎች ሥልጣን በሕግ ተጽፎ ይወሰን የሚል ሐሳብ አቅርበው ነበር። ቄሶ ጓደኞቹን እያስከተለ ሕዝቡን ከአደባባይ በዱላ ያባርር ጀመር። ትሪቡኖቹ ከሰሱት፤ ቮልስኪዩስ የሚባል ሰውም ወንድሜን መትቶ ገደለብኝ ብሎ መሰከረበት። ቄሶ በአሥር ዋሶች ተለቀቀና ሌሊት አምልጦ ወደ ኤትሩርያ ሸሸ። የዋስትናው ገንዘብ ከአባቱ ላይ ያለ ርኅራኄ ተቈጠረ፤ አባትም ያለውን ሁሉ ሸጦ ከወንዝ ማዶ እንደ ተሰደደ ሰው በጎጆ ተቀመጠ። እንግዲህ ያች ማሳ የትሕትና ማሳ ብቻ ሳትሆን ቂም ያለባት ማሳ ናት። ሰውየው ከመሾሙ ከሁለት ዓመት በፊት ደግሞ ቆንስል ሆኖ ይህንኑ ሕግ አግዷል። እውነቱን ለመናገር፥ ያን ጊዜ ሴናቶ ከሕግ ውጪ እንደገና ሊያስመርጠው ቢፈልግ እምቢ ማለቱም ተጽፏል፤ ይህን ከእርሱ ላይ አልወስድበትም።

አሁን ወደ አሥራ ስድስቱ ቀን ልመለስ። ሊቪዩስ በአንድ ዓረፍተ ነገር ያለፈው ነገር አለ፤ እኔን ግን ከመጽሐፉ ቀና አድርጎ አስቀምጦኛል። ዲክታቶሩ ድል አድርጎ እንደ ገባ ሥልጣኑን ወዲያው ይለቅ ነበር፤ የዘገየው በቮልስኪዩስ ላይ ስለ ሐሰት ምስክርነት የተነሣው ክስ እስኪፈጸም ነው። ቀደም ሲል ይህን ክስ ያገዱት ትሪቡኖች በዚህ ጊዜ ዝም አሉ፤ ዝም ያሉትም ዲክታቶሩን ፈርተው ነው። ቮልስኪዩስ ተፈረደበትና ወደ ላኑቪዩም ተሰደደ። ከዚህ በኋላ ሲንሲናቱስ ሥልጣኑን አስረከበ።

ምናልባት ቮልስኪዩስ በእውነት ውሸታም ነበር፤ ሊቪዩስም እንዲያ ነው የሚለው። ነገር ግን ኤኵያውያንን ለመውጋት የተሰጠ ሥልጣን የልጅን ነገር እስኪፈጽም ቆየ። ዲክታቶሩ አንድ ቃል መናገር እንኳ አላስፈለገውም፤ መቀመጡ ብቻ በቃ። ይህን ለልጆች የማንነግራቸው ለምንድን ነው? ጀግናው እንዳይቀንስባቸው ብለን ነው፤ እኔ ግን አባትነቱ የሚታየኝ እዚህ ላይ ስለ ሆነ ሰውየውን ይበልጥ ወደድሁት፤ ሥልጣኑን ግን ይበልጥ ፈራሁት።

ከአሥራ ዘጠኝ ዓመት በኋላ፥ በ439፥ ሽምግልና ተጭኖት ሳለ ሁለተኛ ዲክታቶር ሆነ። በረኀቡ ጊዜ ስፑርዩስ ሜልዩስ የሚባል ባለጸጋ እህል ከውጭ ገዝቶ ለድሆች ያከፋፍል ነበር፤ ንጉሥ ሊሆን አስቧል የሚል ወሬ ቀረበበት። የዲክታቶሩ የፈረሰኛ አለቃ ወደ ፍርድ ና ብሎ ጠራው፤ ሰውየው ወደ ሕዝቡ መካከል ቢሸሽ በአደባባይ ገደለው። ሲንሲናቱስም ገዳዩን አመሰገነ። የሜልዩስ ቤትም እንዲፈርስ ሆነ። ክሱ ሳይሰማ ሞቷልና እውነት ንጉሥነት ፈልጎ እንደ ሆነ ዛሬ ማንም አያውቅም።

የልጁ ጥያቄ መልስ እንግዲህ በሰውየው ልብ ውስጥ አይገኝም። መልሱን ሳልፈልገው ያገኘሁት በስንቁ ላይ ነው። ዲክታቶሩን ተከትለው የወጡት ሰዎች የአምስት ቀን ምግብ የያዙ ገበሬዎች ነበሩ። የገዛ መሣሪያቸውን ይዘው ወጡ፤ በቤታቸው የሚጠብቃቸው እርሻ ነበራቸው። አልመልስም ቢል በአምስት ቀን ስንቅ ማንን ይዞ ከተማ ሊገዛ ነው? በዚያም ላይ የስድስት ወር ገደብ አለ። ኋላም የሮማ ልማድ እየጠነከረ ሲሄድ የጦር አዛዥ የከተማውን ወሰን ሲሻገር አዛዥነቱ ይቀራል፤ በቆንስሉ ፊት የሚያዘው መጥረቢያ ከበትሩ እስር ላይ ይወርዳል። ዩልዮስ ቄሣር እንኳ በ60 ዓመት ከስጳንያ ድል አድርጎ ሲመለስ፥ ለቆንስልነት ለመወዳደር ከተማ መግባት ስለ ነበረበት የድል ሰልፉን ትቶ ገብቷል።

ልብ በሉ፤ በሮማ ወታደርና ሹም ሁለት ሰዎች አልነበሩም። ፖሊቢዩስ እንደ ጻፈው አሥር ዓመት በጦር ያላገለገለ ሰው ለሹመት መቅረብ አይችልም ነበር። ስለዚህ ጥያቄያቸው ወታደር ይሾም ወይስ አይሾም አልነበረም፤ የተሾመው በስንት ጊዜ ይወርዳል፥ አጠገቡስ ማን አለ የሚል ነበር። የጊዜ ገደብ በቃል ብቻ ሲሆን ምን እንደሚመስል የእኔ ትውልድ አይቶታል። በ1967 ዓ. ም. መስከረም ወታደሮች ሥልጣን ሲይዙ የመንግሥታቸው ስም «ጊዜያዊ» የሚል ቃል ነበረበት፤ ቃሉ ከስሙ የወጣው በ1980 ዓ. ም. ነው። በዚያ ቃል ሥር ትምህርቴን ጨርሼ መምህር ለመሆን በቅቻለሁ።

በሮማም ስንቁ ተለወጠ። ማሪዩስ በ107 ዓመት መሬት የሌላቸውን ድሆች ወደ ጦሩ ተቀበለ። እነዚህ የሚመለሱበት እርሻ ስለሌላቸው ተስፋቸው አዛዣቸው ነበር። በ88 ዓመት ቆንስሉ ሱላ ወደ እስያ ሊዘምት በኖላ ሠራዊቱን ይዞ ሳለ፥ የዘመቻው አዛዥነት በሮማ በድምፅ ተወስዶ ለማሪዩስ ተሰጠ። ወታደሮቹ የእስያን ምርኮ ሌሎች እንዳይወስዱባቸው ፈሩ፤ ጦሩን ሊረከቡ የመጡትን መኮንኖች በድንጋይ ወግረው ገደሉ፤ ወደ ሮማ ምራን አሉት። ሱላም ስድስት ሌጌዎን ይዞ ተነሣ። ለምን እንደሚመጣ በመንገድ ሲጠየቅ አገሩን ከጨቋኞች ነፃ ሊያወጣ መሆኑን ይናገር ነበር።

ከስድስት ዓመት በኋላ ይህ ሱላ የጊዜ ገደብ የሌለው ዲክታቶር ሆኖ፥ የሚገደሉትን ሰዎች ስም በአደባባይ እየለጠፈ ብዙዎችን አስፈጀ። ከዚያስ? በገዛ ፈቃዱ ሥልጣኑን ለቀቀ። ያለ መጥረቢያ ተሸካሚ በአደባባይ እንደ ተራ ሰው ተመላለሰ፤ ወደ ካምፓንያ ወርዶ በገዛ ቤቱ በ78 ዓመት ሞተ። ሥልጣንን መመለስ ብቻውን የሚያስመሰግን ቢሆን ኖሮ ሱላም ከሲንሲናቱስ ጎን ሥዕል ይሣልለት ነበር። ክፍል ውስጥ ስለ ሱላ አስተምሬ አውቃለሁ፤ ሁለቱን አጠገብ ለአጠገብ አድርጌ ግን አንድ ቀንም አላስተማርሁም።

የሱላን ጉዞ የጻፈው አፒያኖስ ግን አንድ ነገር ጨምሯል። ሱላ ሠራዊቱን ወደ ገዛ አገሩ ሲያዞር የበላይ መኮንኖቹ ከአንድ የገንዘብ ሹም በቀር ሁሉም ትተውት ወደ ሮማ ሄዱ፤ ጦርን በአገራቸው ላይ መምራት አልሆነላቸውምና። እነዚህም ባለ ሹመት ለመሆን የሚመኙ፥ ዕድላቸው በአዛዣቸው እጅ የነበረ ሰዎች ናቸው። ጉዞውን ግን አላስቆሙትም፤ ወታደሮቹ ያለ እነርሱም ሄዱ፤ ሮማም ተያዘች። አፒያኖስ ስማቸውን አልጻፈም። እርፍ አልጨበጡም፤ ቶጋ ያመጣችላቸው ሚስትም በታሪኩ ውስጥ የለችም። ከኖላ እስከ ሮማ ያለውን መንገድ የሄዱት ከሮማ ወደ ኖላ ይዘውት የመጡትን ተስፋ ትተው ነው። ለልጆች ማንበቢያ መጽሐፍ የሚያዘጋጅ ሰው ቢጠይቀኝ፥ ከሽማግሌው ሥዕል ቀጥሎ ለእነዚህ አንድ ገጽ እንዲተውላቸው እለምነዋለሁ።

ያ በኋለኛው ወንበር ይቀመጥ የነበረው ልጅ ዛሬ የአርባ ዓመት ሰው ይሆናል። ይህ ጽሑፍ በእጁ ቢገባ፥ ያን ቀን ያስቀመጥሁት መልሱን ስላላወቅሁ እንጂ ጥያቄው የሚያስቅ ስለ ነበረ እንዳልሆነ ይወቅልኝ።