ራሱን የሚጠራ ዘፈን፦ «ኢትዮፒክስ 10» በወሎ ጆሮ

የሐዘን ዘፈን ሁሉ «ሐዘን» አይባልም። ትዝታ ግን ዘፈኑም፣ ቅኝቱም፣ የሚዘፈንለትም ያው አንዱ ነው። ዘፋኙ በሚወደው ሰው ይጀምርና ብዙ ሳይቆይ ፊቱን ወደ ትዝታ ራሱ ያዞራል፤ አንተ እያለ ይጠራዋል፣ ይወቅሰዋል፣ ምነው መጣህብኝ ይለዋል። ትዝታውን የቀሰቀሰው ዘፈኑ ነው፤ ዘፈኑን ያስጀመረው ደግሞ ትዝታው። ሆላንዳዊው ሞሪትስ ኤሸር በ1948 (እ.ኤ.አ.) ሁለት እጆች አንዱ ሌላውን ሲስል የሚያሳይ ሥዕል ሠርቷል። በወሎ፣ በወልድያና በመርሳ ሠርግ ላይ ማሲንቆ ሲገዘገዝ እየሰማ ያደገ ሰው ያን ሥዕል ሲያይ ነገሩ አዲስ አይሆንበትም።

ፈረንሳዊው ፍራንሲስ ፋልሴቶ ያዘጋጀውና ቡዳ ሙዚክ በ2002 (እ.ኤ.አ.) ያሳተመው የ«ኢትዮፒክስ» ተከታታይ ዲስኮች 10ኛ ቅጽ ይህንኑ ጠባይ ለመስማት ከተሠሩት ሁሉ የሚመቸኝ ሥራ ነው። ርዕሱ «ትዝታ» ነው፤ ውስጡም ያው ዘፈን በተለያየ ድምፅ እየተመለሰ ይመጣል። ጌታቸው ካሳ እንዲያውም ሁለቴ ይዘፍነዋል፤ አንዴ በዝግታ፣ አንዴ በፍጥነት። ተከታታይ አድርጎ ያደመጠ ሰው አንደኛው ትዝታ የት አልቆ ሌላው የት እንደ ጀመረ መለየት ይቸግረዋል። ይህን እንደ ጉድለት የቆጠሩ አሉ። ለእኔ የዲስኩ ትልቁ ብርታት እሱ ነው።

ምክንያቱ ቅኝቱ ውስጥ አለ። ሜጀር ትዝታ ዶ፣ ሬ፣ ሚ፣ ሶልና ላ ነው፤ ፋና ሲ የሉበትም። እነሱ ከሌሉ ግማሽ ድምፅ የለም፣ ግማሽ ድምፅ ከሌለ ደግሞ ዜማውን «አሁን ተመለስ፣ አሁን አብቃ» ብሎ የሚገፋው ኃይል ይላላል። ስለዚህ ዘፋኙ በፈለገው በኩል ገብቶ በፈለገው በኩል ይወጣል። ከሀብሩ ወረዳ በስተደቡብ ባለው ተራራ ስም የሚጠራውን አምባሰልን ብንወስድ ነገሩ ሌላ ነው፤ ከመነሻው በግማሽ ድምፅ ብቻ ከፍ ያለች ኖታ አለችው፣ እሷም ጆሮን ቁልቁል ወደ መነሻው ትስበዋለች። አምባሰል መድረሻውን ያውቃል። ትዝታ ይዞራል። ማይነሩ ትዝታ ግማሽ ድምፆች ስላሉት የበለጠ ይቆዝማል፤ መዞሩን ግን አይተውም።

ግጥሙም ዜማውን ይደግፈዋል። የትዝታ ስንኞች ጥንድ ጥንድ ሆነው ቤት የሚመቱ ናቸው፤ እያንዳንዱም ጥንድ ለብቻው የሚቆም ነው። ሦስተኛውን አንደኛ ብታደርገው የሚፈርስ ታሪክ የለም። መሐሙድ አሕመድ ከ12 ደቂቃ በላይ ሲዘፍነው ይህ ነፃነት በግልጽ ይሰማል፤ ያው ሐረግ በተመለሰ ቁጥር ድምፁን ሌላ ቦታ ላይ ያንቀጠቅጠዋል፣ ያዘገየዋል፣ ይለቀዋል። ፈረንሳዊው ሞሪስ ራቬል በ1928 (እ.ኤ.አ.) በ«ቦሌሮ» አንድ ዜማ ደጋግሞ መሣሪያ እየጨመረ ከፍ እያደረገ መጨረሻ ላይ አፈንድቶታል። መሐሙድ ወደየትም አይወጣም። በስተመጨረሻ የምንሰማው ዝምታ የቀረጻው እንጂ የዘፈኑ ፍጻሜ አይመስልም።

የጌታቸው ፈጣኑ ትዝታ የበለጠ ደፋር ነው እላለሁ። ትዝታ ማለት ቀስ ብሎ መተከዝ ነው የሚለውን ልማድ ጥሶ ትካዜውን ለእስክስታ አቅርቦታል። ፍጥነቱ ተለውጦም ዘፈኑ ያው ራሱ ሆኖ ይገኛል።

የማልስማማው ትዝታን «ብሉዝ» ከሚለው የዲስኩ ንዑስ ርዕስ ጋር ነው። ይህ መለያ ለውጭ ገበያ መግቢያ ሆኖ ይሆናል፤ አድማጩን ግን ያሳስተዋል። የአሜሪካው ብሉዝ በተለመደው የ12 ባር ቅርጹ ወደ አራተኛውና አምስተኛው ኮርድ ሄዶ የሚመለስ መንገደኛ ነው። ትዝታ ከመነሻው አልወጣም። የሚመሳሰሉት በኀዘናቸው እንጂ በአሠራራቸው አይደለም።

የትዝታ ዘመድ ለሚፈልግ ሰው ሩቅ መሄድ አያስፈልግም። የወሎው የጁ፣ በሼህ አሕመድ ቢን አደም የታወቀውን ዳናን የመሰሉ የእስልምና ትምህርት ማዕከላት ያሉበት ምድር፣ የመንዙማ ማለትም የመንፈሳዊ ውዳሴ ዜማ አገር ነው። መሪው ያወጣል፣ ጀማው ይቀበላል፣ አዝማቹ ይመለሳል፤ ገጣሚው ነቢዩን ማወደስ ከአቅሜ በላይ ነው እያለ በዚያው ቃል ያወድሳል። ስለ ራሱ ስለ ውዳሴው የሚናገር ውዳሴ ነው። መስጊድና ሠርግ ቤት የተለያዩ ቦታዎች ናቸው፣ አንዱን ከሌላው ማምታታት አይገባም፤ በወሎ ግን ሁለቱን የሚሰማው ጆሮ አንድ ነው፣ ዙር የማይሰለቸውም ለዚህ ይመስለኛል።

ዲስኩ ላይ የጎደለብኝ የአድማጩ ድምፅ ነው። በ1970ዎቹ (እ.ኤ.አ.) መባቻ የአዲስ አበባ ባንዶች በጡሩምባ፣ በኦርጋንና በቤዝ ጊታር የሠሩት ትዝታ ያማረ ነው፤ ሆኖም የስቱዲዮው በር ተዘግቷል። አዝማሪው «ተቀበል» ሲባል ስንኙን የሚሰጠው ተመልካቹ ነው፤ የሰጠውን መልሶ በዘፈን ሲሰማ ዘፈኑ ስለ እሱ መሆኑን ያውቃል፣ ሌላ ስንኝም ይጨምራል። ትዝታ ሳያልቅ የሚኖረው በዚህ ነው። ለቅጽ 10 ጓደኛ የሚሆን፣ በወልድያ ወይም በመርሳ አንድ ሙሉ ምሽት በማሲንቆ፣ በተመልካች ስንኝ፣ ሳይቆረጥ የተቀረጸ ትዝታ ያስፈልገናል።