ቅንፍና የስሌት ቅደም ተከተል፦ በቃል ስለሚጠናው ደንብ የቀረበ ሂስ

በመጀመሪያ ደረጃ የሒሳብ ትምህርት ተማሪዎችን ከሚያስቸግሩት ርእሶች አንዱ የቅንፍ አጠቃቀምና የስሌት ቅደም ተከተል ነው። ርእሱ ብዙውን ጊዜ የሚቀርበው «ቦድማስ» በተባለው የማስታወሻ ቃል አማካይነት ነው። ቃሉ ደንቡን አስቀድሞ ለተረዳ ሰው ማስታወሻነቱ አይካድም፤ የትምህርቱ መነሻ ሲሆን ግን ሁለት ጉድለቶች ይታዩበታል።

አንደኛ፣ ቃሉ የእንግሊዝኛ ቃላት መነሻ ፊደላት ጥርቅም ነው። በ1986 ዓ.ም. የወጣው የትምህርትና ሥልጠና ፖሊሲ የመጀመሪያ ደረጃ ትምህርት በአፍ መፍቻ ቋንቋ እንዲሰጥ ቢደነግግም፣ በአማርኛ ለሚማረው ሕፃን ይህ ቃል ትርጉም የሌለው ድምፅ ነው። ሁለተኛውና የከፋው ጉድለት አሳሳችነቱ ነው። በቃሉ ውስጥ መደመር ከመቀነስ ስለሚቀድም፣ ተማሪው 10 − 3 + 2ን ሲሠራ 3ንና 2ን አስቀድሞ ደምሮ 5 ይላል። ትክክለኛው መልስ ግን 9 ነው፤ መደመርና መቀነስ እኩል ደረጃ ስላላቸው ከግራ ወደ ቀኝ በተራ ይሠራሉና። ማባዛትና ማካፈልም እንዲሁ ናቸው።

የስሕተቱ ጉዳት በፈተና ወረቀት ላይ ብቻ የሚቀር አይደለም። ሰሊጥ በሚመረትበት በአብርሃ ጅራ አካባቢ ለሚያድግ የገበሬ ልጅ ምሳሌው ከሚዛኑ ላይ ይገኛል። 12 ጆንያ ሰሊጥ እያንዳንዱ ከነጆንያው 101 ኪሎ ቢመዝንና ባዶው ጆንያ 1 ኪሎ ቢሆን፣ የተጣራው ክብደት 12 × (101 − 1) = 1,200 ኪሎ፣ ማለትም 12 ኩንታል ነው። ቅንፉ ቢዘነጋ 12 × 101 − 1 = 1,211 ይሆናል። ትርፍ ሆኖ የታየው 11 ኪሎ ሳይቀነሱ የቀሩት የ11 ጆንያዎች ክብደት ነው። እንዲሁም ለ8 የአጨዳ ሠራተኞች በነፍስ ወከፍ 300 ብር የቀን ሒሳብና 50 ብር የምግብ ቢታሰብ፣ ወጪው 8 × (300 + 50) = 2,800 ብር ነው። ያለ ቅንፍ ቢሠራ 2,450 ስለሚሆን ሰባቱ ሠራተኞች ምግብ ሳይታሰብላቸው ይቀራል።

ለማስተማሩ ሥራ አማርኛው ራሱ መንገድ ይከፍታል። «2ና 3ን ደምረህ በ4 አባዛ» ሲባል፣ «ደምረህ» የሚለው ቃል የሚቀድመውን ሥራ ያመለክታል፤ በምልክት ሲጻፍ (2 + 3) × 4 = 20 ነው። «3ን በ4 አባዝተህ 2 ጨምርበት» ሲባል ግን 2 + 3 × 4 = 14 ነው። በንግግር ግሡ የሚለየውን ቅደም ተከተል የሒሳብ ምልክቶች ብቻቸውን አይለዩትም። ስለሆነም ማባዛትና ማካፈል እንዲቀድሙ በስምምነት ተወሰነ፤ ከዚህ የተለየ ቅደም ተከተል ሲፈለግ ደግሞ ቅንፍ ይገባል።

ከዚህ በመነሣት መምህራን ትምህርቱን ከአካባቢው በተወሰደ የቃል ጥያቄ ቢጀምሩ፣ ተማሪዎችም ዓረፍተ ነገሩን ወደ ምልክት፣ ምልክቱንም መልሰው ወደ ዓረፍተ ነገር ቢለውጡ፣ በቅንፍና ያለ ቅንፍ የተገኙትንም መልሶች ቢያነጻጽሩ የተሻለ ይሆናል። የመማሪያ መጻሕፍት አዘጋጆችም ደንቡን ከምሳሌዎቹ በኋላ እንዲያስቀምጡት ያስፈልጋል፤ ተማሪው የቅንፉን አስፈላጊነት በራሱ ስሌት ካየ በኋላ ደንቡን ለመያዝ አይቸገርምና።