ስለ ቤተ እስራኤል የተጻፈውና ያልተጻፈው

ስለ ቤተ እስራኤል የተጻፉትን መጻሕፍት የሚመረምር ሰው አስቀድሞ የሚገናኘው «ከወዴት መጡ?» ከሚለው ጥያቄ ጋራ ነው። እንደ ፈረንጆች አቈጣጠር በ1867 ዮሴፍ ሀሌቪ፥ በ1904 ደግሞ ዣክ ፋይትሎቪች ወደ አገራችን የመጡት ይህንኑ ወገን ፍለጋ ነበር። ዎልፍ ሌስላው በ1951 ትእዛዘ ሰንበትንና ሌሎችንም የግዕዝ መጻሕፍታቸውን ተርጕሞ በማሳተሙ ሊመሰገን ይገባዋል። ኬይ ሼለሜይም በ1986 ባወጣችው መጽሐፍ፥ ጸሎታቸውና ዜማቸው ከኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን ሥርዓት ጋራ የቀረበ ዝምድና እንዳለው አስረድታለች።

በ1992 ስቲቨን ካፕላንና ጄምስ ኲሪን በየፊናቸው ያሳተሟቸው መጻሕፍት የሕዝቡን ማንነት በዚሁ በኢትዮጵያ ታሪክ ውስጥ ሲቀረጽ ያሳዩናል። እኛ ይልቁንም የኲሪንን መንገድ እናደንቃለን፤ የዘር ሐረግ ከመቍጠር አልፎ፥ ርስቱን የተነጠቀ ሰው ወደ ብረት ሥራ፥ ወደ ሸክላና ወደ ግንበኝነት እንዴት እንደ ዞረ ይገልጻልና። በልማድ እንደሚነገረው፥ ርስትን ከጥምቀት ጋራ ያሰረው የዐፄ ይስሐቅ ዐዋጅ ነው።

ይህን ነገር የመንዝ ሰው ለመረዳት አይቸገርም። የጓሳን ሣር የማጨድና ከብት የማሰማራት መብት እስከ 1967 ዓ.ም. የመሬት ዐዋጅ ድረስ ከአቅኚ አባት በሚወረድ ርስት፥ በቄሮ ሥርዓት ይጠበቅ ነበር። ርስት የሌለው ጠይብ ግን ማረሻውን ሠርቶለት፥ ምጣዱንና እንስራውን አቅርቦለት ሳለ፥ ባለርስቱ ጎረቤቱን «ቡዳ» እያለ ይሸሸው ነበር። በሰሜን ሸዋና በአዲስ አበባ ቀጨኔ የሚኖሩት፥ ቤተ አብርሃም የሚባሉትና ትውልዳቸውን ከቤተ እስራኤል የሚቈጥሩት የእጅ ባለሙያዎች ሃይማኖታቸውን በስውር ይዘው ኖረዋል ይባላል።

በ1983 ዓ.ም. ከ14,000 የሚበልጡ ቤተ እስራኤል በአውሮፕላን ወደ እስራኤል ከተወሰዱ ወዲህ «እውነተኛ አይሁድ ናቸውን?» የሚለው ጥያቄ በአገራችን ለቀሩት ወገኖች ከመጽሐፍ ክርክር በላይ ሆኗል። ትናንት በዘሩ የተናቀውን ጠይብ ዛሬም ሊቃውንቱ በዘሩ ብቻ ቢመዝኑት፥ ፍርዱ ያው የቀድሞው መሆኑ ነው።

ስለዚህ መምህራንና ተማሪዎች የሸክላ ሠሪዋንና የቀጥቃጩን ቃል፥ የሥራቸውን ስምና የኑሯቸውን ታሪክ፥ ከራሳቸው አንደበት ሰምተው እንዲጽፉ እናሳስባለን። አረጋውያኑ ካለፉ በኋላ ይህን ከየትኛውም የብራና መጽሐፍ ልናገኘው አንችልም።